እድፍ መስሎኝ ልፈገፍገው የነበረው ድንጋይ (አንታርክቲካ)

#1 የደቡብ_ነፋስ

ሰላም ቤቶች። ትናንት ሥራ ቦታ የገጠመኝን ካልነገርኳችሁ አይወጣልኝም።

የምኖረው ኒውዚላንድ፣ ክራይስትቸርች ነው። ወደ አንታርክቲካ የሚበሩት የአሜሪካና የኒውዚላንድ አውሮፕላኖች የሚነሡት ከዚህ ስለሆነ ከበረዶው አገር የመጣ ድንጋይ እዚህ ከተማ ብርቅ አይደለም። የምሠራው ናሙና በሚቀመጥበት ክፍል ነው። ማዕረጉ ረጅም ስም አለው፤ ሥራው ግን አቧራ ማራገፍ፣ ቁጥር መለጠፍና ካርቶን ማስተካከል ነው።

ትናንት አንድ አሮጌ ካርቶን ስከፍት ግማሽ ጡብ የሚያክል ግራናይት ወጣ። አንዱ ፊቱ ላይ ያረረ ድስት ቂጥ የመሰለ ጥቁር ክብ ነገር ተለጥፎበታል። ጥላሸት ወይ የማሽን ቅባት ነው ብዬ ብሩሽ አነሣሁ። ገና ሳላስነካው አጠገቤ የምትሠራው ሴትዮ እጄን አፈፍ አደረገችው። «ይሄ እኮ ሕይወት ያለው ነገር ነው! ከዚህች ከተማ በዕድሜ ይበልጣል» አለችኝ። ደንግጬ ብሩሹን ጣልኩት።

ከዚያ ማጉያ መነጽር ሰጠችኝ። በባዶ ዓይን እድፍ የነበረው በመነጽር ሲታይ በበጋ የተሰነጣጠቀ የዋልካ መሬት ነው። ትንንሽ ባለ ማዕዘን ቁርጥራጮች፣ ግራጫና ጥቁር፣ በየመሃላቸው ስንጥቅ። ወደ ዳሩ ሲሄድ ስንጥቁ እየጠለቀ ከመሃል ወደ ውጭ የተዘረጉ ጣቶች ይመስላል። ቁርጥራጮቹ ላይ ጥቁር አዝሙድ እንኳ የማያክሉ ጥቁር ክቦች አሉ፤ ስፖሩ (የመራቢያ ብናኙ) የሚወጣው ከነሱ ነው አለችኝ። ጥፍር ማስገቢያ የለውም፤ እንደ ቀለም ከድንጋዩ ጋር አንድ ሆኗል።

ስሙ ቡኤሊያ ፍሪጊዳ ነው። ፍሪጊዳ በላቲን ቀዝቃዛ ማለት ነው፤ ከአንታርክቲካ ሌላ የትም አይበቅልም። «በ100 ዓመት 1 ሚሊ ሜትር አይሞላም እድገቱ» ብላኝ ወደ ሥራዋ ተመለሰች። እኔ ግን ስገላበጥ አደርኩ። የምታውቁ አስረዱኝ። በአማርኛ ምን ይባላል? 1 ሚሊ ሜትር በ100 ዓመት ብሎ ማን ቆሞ ለካው?


#2 መምህሩ_ደጋ

እህቴ፣ እንኳን እጅሽን ያዘችሽ።

ክፍል ውስጥ የምናስተምረው «ላይከን» ብለን ነው። እኔ ባደግሁበት ደጋ ግን አያቴ የድንጋይ ሽበት ይሉታል፤ ከአስታ ዛፍ ላይ እንደ ጢም የሚንጠለጠለውን ደግሞ የዛፍ ሽበት። ሁለቱም ላይከን ናቸው፤ አንዱ ጢም፣ አንዱ ቅርፊት። ያንቺው ቅርፊት ከሚባለው ወገን ነው።

ላይከን አንድ ፍጡር አይደለም። ፈንገስና አልጌ በአንድ ጎጆ የሚኖሩበት ነው። ፈንገሱ ቤት ይሠራል፣ ውሃ ይይዛል፣ ከፀሐይ ይከልላል። አልጌው ከብርሃን ስኳር ይሠራል፣ ሁለቱም ከዚያ ይበላሉ። ይህን እ.ኤ.አ. በ1860ዎቹ መጨረሻ ሽቬንድነር የሚባል ስዊዘርላንዳዊ ሲናገር የዘመኑ የላይከን ሊቃውንት አልተቀበሉትም ነበር። ዕድሜ ልካቸውን አንድ ብለው የቆጠሩትን «ሁለት ነው» ሲባሉ ቢናደዱ አይፈረድባቸውም።

እዚያ ብርድ ላይ እንዴት ይኖራል ለሚለው፣ ምስጢሩ ጥቁረቱ ላይ ነው። አየሩ ከዜሮ በታች ሆኖ ፀሐይ ያገኘው ጥቁር ድንጋይ ግን ሊሞቅ ይችላል። ጣሪያ ቆርቆሮ ላይ ጠዋት ውርጭ ሲቀልጥ አይተሻል? እንደዚያ ነው። ጥቂት የበረዶ ብናኝ ላዩ ላይ ሲያርፍ ይቀልጣል፣ ላይከኑ ይጠጣል፣ አልጌው ነቅቶ ይሠራል። ውሃው ሲያልቅ ይደርቅና ይተኛል። ጥቁሩ ቀለም ከአልትራቫዮሌት ጨረርም ይከላከልለታል፤ ጃንጥላም ምድጃም ነው። ክረምቱን ሙሉ በጨለማ ተኝቶ ያሳልፋል። በዓመት የሚሠራባት ጊዜ ጥቂት ስለሆነች ነው እድገቱ እንዲያ የሆነው።


#3 አላምንም_ባይ

መምህር፣ አገላለጽዎ ጥሩ ነው። ቁጥሩ ግን አልተዋጠልኝም። 100 ዓመት ቆሞ የለካ ሰው የለም። አንታርክቲካ ራሷ ሰው ከረገጣት ስንት ጊዜዋ ነው? እንዲህ ያለ ቁጥር ወረቀት ላይ ሲጻፍ ያምራል፣ የሚጠይቅ ስለሌለ።


#4 መምህሩ_ደጋ

ጥያቄህ ተገቢ ነው። 100 ዓመት መቆም አያስፈልግም። ቴይለር ሸለቆ የሚባል ቦታ አለ፤ ደረቅ ሸለቆዎች ከሚባሉት አንዱ ነው፣ በአንታርክቲካ ውስጥ ሆኖ በበረዶ ያልተሸፈነ መሬት። እዚያ የተወሰኑ ድንጋዮችን ፎቶ አንሥተው፣ ከሃያ ዓመት በላይ ቆይተው ያንኑ ድንጋይ እንደገና አነሡት። ሁለቱን ፎቶ አንዱን ባንዱ ላይ አድርገው ዳሩ ስንት እንደሄደ ለኩ። የተገኘው በዓመት በ0.01 ሚሊ ሜትር አካባቢ ነው፤ በ100 ዓመት 1 ሚሊ ሜትር ማለት ነው።

ሞቅና ረጠብ በሚለው የአንታርክቲካ ባሕረ ገብ መሬት በኩል ያሉ ሌሎች ላይከኖች ግን ከዚህ ወደ 100 እጥፍ በሚጠጋ ፍጥነት ያድጋሉ። ስለዚህ ቁጥሩ የቦታውም ነው እንጂ የላይከኑ ብቻ አይደለም። ይህን ሳይናገሩ «1 ሚሊ» ብቻ የሚሉትን አንተ ብትጠራጠር ልክ ነህ።


#5 አላምንም_ባይ

ፎቶው አሳምኖኛል። ግማሹን።


#6 ኮሜዲያኑ

በ100 ዓመት 1 ሚሊ? የኛ ሰፈር የኮብልስቶን ሥራ ነው የምትሉኝ 😂


#7 የደቡብ_ነፋስ

@ኮሜዲያኑ ሃሃሃ ገደልከኝ።

ቆይ እንደዚያ ከሆነ ልቁጠር። ከአገር ቤት የያዝኩት የ1 ብር ሳንቲም አለኝ፤ ቦርሳዬ ውስጥ ለማስታወሻ የማስቀምጠው። ስፋቱ 27 ሚሊ ሜትር ነው። ያንን የሚያክል ላይከን ከመሃሉ እስከ ዳሩ 13 ተኩል ሚሊ ሜትር ነው። በመቶ ሲባዛ 1,350 ዓመት! ከላሊበላ ንጉሥ በፊት፣ አክሱም ገና ሙሉ ለሙሉ ሳትረሳ ማለት እኮ ነው። ከዓድዋ ወዲህ ያደገው ደግሞ 1.3 ሚሊ ሜትር፤ የእርሳስ መስመር።


#8 አላምንም_ባይ

ስሌትሽ ላይ ሁለት ነገር ልጨምር።

1 ሚሊ ሜትር የሚባለው ዳሩ ወደ አንድ ወገን የሄደው ነው ወይስ ጠቅላላ ስፋቱ የጨመረው? ስፋቱ ከሆነ ሳንቲምሽ 2,700 ዓመት ሊገባ ነው። ዝቅተኛውን ይዘሽ ቢያንስ 1,350 በይ።

ሁለተኛው፣ ጎረቤታሞች ተቀላቅለው አንድ መስለው ቢሆንስ? አባቴ ገበሬ ነው፤ የሁለት ሰው ማሳ ድንበሩ ሲጠፋ ከሩቅ የአንድ ሰው ይመስላል።


#9 መምህሩ_ደጋ

ተጠራጣሪያችን ዋናውን ነካ። ቡኤሊያ ፍሪጊዳ ጎረቤት ከጎረቤት እየተገናኘ ሰፊ ቅርፊት ይሆናል። ለየብቻቸው ሲሆኑ ትልቁ 7 ሳንቲ ሜትር ገደማ ነው፣ አብዛኞቹ ከዚያ ያንሳሉ። ሰፊ ጥቁር ድንጋይ አይቶ ሺህ በሺህ መደመር ስህተት ነው። የእህታችን ግን ክብ ነው፣ ጣቶቹም ከአንድ መሃል ነው የተዘረጉት ካለች የአንድ ሰው ማሳ ነው።

በላይከን ስፋት የድንጋይን ዕድሜ የመገመት ሥራ ራሱን የቻለ ሙያ ነው፤ ቤሸል የሚባል ኦስትሪያዊ እ.ኤ.አ. በ1950ዎቹ አልፕስ ተራራ ላይ የበረዶ ግግር መቼ እንደሸሸ ለማወቅ ነው ያስፋፋው። የሚጣሉበትም እስካሁን አንተ ባነሣኸው ነጥብ ነው።


#10 ኮሜዲያኑ

ዩቲዩብ ላይ ይሄ ነገር ማርስ ላይ ይኖራል ሲሉ ሰማሁ። ማርስ ላይ ቦታ መያዝ የፈለገ ካሁኑ ሽበቱን ይላክ ማለት ነው?


#11 መምህሩ_ደጋ

ይሄ የዩቲዩብ ወሬ ያናድደኛል፣ እውነቱ በቂ ሆኖ ሳለ።

የተደረገው ይህ ነው። እ.ኤ.አ. በ2014 ይሄው ላይከን ከሌሎች ፍጥረታት ጋር ደርቆ ወደ ዓለም አቀፉ የጠፈር ጣቢያ ተላከ፣ ከጣቢያው ውጭ በተገጠመ ሳጥን ውስጥ አንድ ዓመት ተኩል ያህል ተቀመጠ፤ የማርስን አየር በሚመስል ጋዝ ውስጥ የቆየም አለ። ሲመለስ ምን ሆነ? የመኖር አቅሙ ቀንሷል፣ ዲኤንኤው ተጎድቷል። ሙሉ ለሙሉ ግን አልጠፋም። ደርቆ ተኝቶ አደጋን ማሳለፍ አንድ ነገር ነው፤ መብላት፣ ማደግ፣ መራባት ሌላ ነገር ነው። እኔ አዲስ አበባ አውቶቡስ ጣቢያ አግዳሚ ወንበር ላይ አንድ ሌሊት አድሬ አውቃለሁ፤ «እዚያ ይኖራል» ብሎ የጻፈብኝ የለም።

ከሱ በፊት እ.ኤ.አ. በ2008 እና በ2009 ዛንቶሪያ ኤለጋንስ የተባለ ብርቱካናማ ላይከን ያንኑ ያህል ጊዜ ጠፈር ላይ ቆይቶ የተሻለ ሆኖ ተመልሷል። ዝናው ሲከፋፈል ለሱም ይድረሰው።


#12 እማማ_የሺ

ልጆቼ እንደምን ናችሁ። ከቨርጂኒያ ነኝ። ስታወሩ ዝም ብዬ አነብባለሁ፤ ዛሬ ግን አንጀቴን የበላኝ ነገር ስላለ ልጻፍ።

የአባቴ ሙት ዓመት ጊዜ አገር ቤት ሄጄ መቃብሩን ባየው ሐውልቱ ነጭና ግራጫ ነገር ወርሶታል። ሰው የሌለው መሰለብኝና አፈርኩ። ለአንድ ልጅ ገንዘብ ሰጥቼ በሽቦ ብሩሽና በበረኪና አስፈተግሁት። የዚያን ቀን ፀሐይ መሰለ። ከሦስት ዓመት በኋላ ስመለስ የስማቸው ፊደል ግማሹ የለም። «ወልደ» ብቻ ቀርቷል። ልጁን ረገምኩት፤ አሁን ሳነብ የተሳሳትኩት እኔ ነኝ መሰለኝ። መምህር፣ እንዲያው ይህ ነገር ፊደሉን ይበላል ወይስ ብሩሹ ነው የበላው?


#13 መምህሩ_ደጋ

እማማ፣ ነፍስ ይማር። ልጁንም ራስዎንም አይርገሙ፤ የማያደርገው ሰው የለም።

ሁለቱም ነው። የላይከኑ ፈንገስ እንደ ክር እየቀጠነ በድንጋዩ ጠጠሮች መካከል ይገባል፣ አሲድም ያወጣል፤ በብዙ ዘመን ላዩን ያላላዋል። ግን ያንኑ ያላላውን እሱ ራሱ ይዞታል። በሽቦ ሲፈተግ ክሩ የያዘውን ቅንጣት ይዞ ይነሣል፣ ፊደሉም አብሮ ይሄዳል። በረኪናው ደግሞ ድንጋዩ ውስጥ ጨው ይተዋል፤ ጨው ሲደርቅና ሲረጥብ ድንጋዩን ከውስጥ ይፈነቅለዋል።

የቀረውን «ወልደ» አያስነኩት። የግድ መጽዳት ካለበት ንጹሕ ውሃና ለስላሳ ብሩሽ፣ ከዚያ በላይ አይሂዱ።


#14 የላስታ_ልጅ

እማማ ያሉትን እኛም በየቀኑ እናያለን። አስጎብኚ ነኝ። ቤተ ጊዮርጊስን ከላይ ሆነው ያዩ እንግዶች «ቀለም ተቀብቶ ነበር?» ይሉኛል፤ ቢጫና ብርቱካናማ ስላለበት። ቀለም አይደለም፣ ላይከን ነው። ፎቶው ላይ የሚያምረው ግማሹ እሱ ነው። ጥገና የሚያውቁት ግን ሲያዩት ፊታቸው ይለወጣል። ድንጋያችን የእሳተ ገሞራ ነው፣ ልል ነው፣ ውሃ ይጠጣል። የአንታርክቲካው ግራናይት ላይ ያለ እንግዳና እኛ ቤት ያለው እንግዳ በጉዳት አንድ አይደሉም።

አንድ ነገር ግን ደስ ብሎኛል። ከአሁን በኋላ «ሕይወት ያለው ነው፣ አትፋቁት» ስል የሚሰማኝ አገኛለሁ። አንድ ሽማግሌ እንግዳ በቁልፍ ሲፍቁ ደርሼ አስቁሜያቸዋለሁ።


#15 ታሪክ_ቆፋሪ

ወሬ አቋርጣለሁ፤ ይቅርታ። ይቺ የአንታርክቲካ ላይከን ከኛ አገር ጋር ዝምድና አላት፣ በሰው በኩል። ማንም አላነሣውም።

ቡኤሊያ ፍሪጊዳ መጀመሪያ የተገለጸችው የብሪታንያ ብሔራዊ የአንታርክቲካ ጉዞ ካመጣቸው ናሙናዎች ነው። የካፒቴን ስኮት፣ የ«ዲስከቨሪ» መርከብ ጉዞ፣ ከ1901 እስከ 1904 (ሁሉም በፈረንጅ ነው)። ስሟን ያወጣላት ዳርቢሸር የሚባል ሊቅ ነው፣ በ1910። በጉዞው ላይ የእጽዋት ሥራ የማን ነበር? የዋናው ሐኪም፣ የዶክተር ሬጂናልድ ኮትሊትዝ።

አሁን ኮትሊትዝን ተከተሉት። ከአንታርክቲካ በፊት፣ ከ1898 እስከ 1899፣ ከእንግሊዛዊው ተጓዥ ከዌልድ ብላንደል ጓድ ጋር ከበርበራ ተነሥቶ በሐረር በኩል አዲስ አበባ ገብቷል፤ ከዚያ ወደ ምዕራብ፣ በቤኒሻንጉል የበርታ አገር አልፎ፣ ዓባይን ተከትሎ ሱዳን ወርዷል። ዓድዋ ሦስት ዓመት ያልሞላው ጊዜ! ሐኪምም የድንጋይ ሰብሳቢም ሆኖ ነው የሄደው። ከደቡብ ኢትዮጵያ የሰበሰባቸውን ድንጋዮች ካትሪን ሬዚን የተባለች እንግሊዛዊት የጂኦሎጂ ሊቅ መርምራ በ1903 ጽፋባቸዋለች። እሷ የኛን ድንጋይ በማይክሮስኮፕ ስታይ፣ ሰብሳቢው መርከቡ በረዶ ውስጥ ተይዛበት አንታርክቲካ ተቀምጧል።

አንድ ጨምሬ ላብቃ። በዚያ ጉዞ መርከበኞቹን ስከርቪ የሚባል በሽታ ያዛቸው። ኮትሊትዝ በሽታው ከተበላሸ የቆርቆሮ ሥጋ ነው ብሎ ያምን ነበር፤ በዚህ ተሳስቷል፣ የቫይታሚን ሲ እጦት ነው። ያም ሆኖ መርከቡ ላይ፣ ብርሃን በሚገባበት መስኮት ሥር፣ አትክልት አበቀለ። ምን ይመስላችኋል? ሰናፍጭና ፌጦ።


#16 እማማ_የሺ

ፌጦ!!! በአንታርክቲካ? ኧረ እመቤቴ! እኔ እዚህ ቨርጂኒያ በረንዳ ላይ ፌጦ አልበቅል ብሎኝ።


#17 ኮሜዲያኑ

ሰውዬው ሐረር ላይ የሆነች እናት ጉንፋን ሲይዘው ፌጦ በሎሚ ሰጥታው መሆን አለበት። ሌላ ማስረጃ አልፈልግም።


#18 ታሪክ_ቆፋሪ

@ኮሜዲያኑ ቀልድህን ወድጄዋለሁ፣ ታሪክ ግን አታድርገው። ሰናፍጭና ፌጦ አብሮ ማብቀል የእንግሊዝ ቤት ልማድ ነው፤ እርጥብ ጨርቅ ላይ ሳይቀር ይበቅላል። በሽታውን በተሳሳተ ምክንያት፣ በትክክለኛ ቅጠል ማከሙ ነው እኔን የሚገርመኝ።

መጨረሻው ያሳዝናል። ወደ ደቡብ አፍሪካ ሄዶ ኖረ፤ በጥር 1916 ክራዶክ በምትባል ከተማ እሱና ሚስቱ በተቅማጥ በሽታ በአንድ ቀን ሞቱ። ስኮትን፣ አብሯቸው የተጓዘውን ዊልሰንን የማያውቅ የለም። እሱን የሚያነሣው ጥቂት ነው።


#19 አላምንም_ባይ

@ታሪክ_ቆፋሪ ይሄንን ያለ ክርክር ተቀብያለሁ። ብርቅ ነው፣ መዝግቡልኝ።

@የደቡብ_ነፋስ አንድ ጥያቄ፣ ድንጋዩ ካርቶን ውስጥ ምን ይሠራል? ከዚያ ማንሣት ይፈቀዳል እንዴ?


#20 የደቡብ_ነፋስ

ያለ ፈቃድ አይቻልም። እ.ኤ.አ. በ1991 ማድሪድ ላይ የተፈረመ፣ በ1998 ሥራ ላይ የዋለ የአካባቢ ጥበቃ ስምምነት አለ፤ የአንታርክቲካ ስምምነት ተጨማሪ ነው። ለምርምር ፈቃድ ካልያዝክ ላይከን መሰብሰብ ክልክል ነው። እንዲያውም ከዚህ ወደዚያ የሚሄዱት ሰዎች ጫማቸውን አገላብጠው፣ የኪሳቸውን ስፌትና የልብሳቸውን መያዣ ሳይቀር ጠርገው ነው የሚሄዱት፣ ዘር እንዳይዙ። ያኛው ካርቶን አሮጌ ነው፣ ወረቀቱ ቢጫ ሆኗል።

ዛሬ ጠዋት ያችን ሴትዮ አስፈቅጄ በካሊፐር ለካሁት፣ ሳላስነካ። ሰፊው ወገን 24 ሚሊ ሜትር ነው። ከ1 ብሩ ትንሽ ያንሳል። ስለዚህ ተጠራጣሪያችን እንዳለው ቢያንስ 1,200 ዓመት። የቤተ ጊዮርጊስ ድንጋይ ከመፈልፈሉ በፊት 400 ዓመት ገደማ ማለት ነው። ካርቶን ውስጥ የተቀመጠበት አይቆጠርም፣ እዚያ አላደገም 😄

ሳንቲሙን ከጎኑ አድርጌ ፎቶ አንሥቻለሁ። አንበሳው ወደ ላይከኑ እያየ ነው፣ በጣም ያምራል።


#21 መምህሩ_ደጋ

ፎቶውን ለክፍል እፈልገዋለሁ። ተማሪዎቼ ዋልካውን አይተው እንዲስቁ።


#22 የላስታ_ልጅ

እኔም። ለእንግዶች በስልኬ አሳያለሁ።


#23 የደቡብ_ነፋስ

ሦስት ጊዜ ሞከርኩ፣ አልጫን አለ። ትልቅ ነው ይለኛል። አሳንሼ ነገ ጠዋት እመለሳለሁ። እማማ የሺ፣ ፌጦውን ጥላ ውስጥ፣ እርጥብ ጥጥ ላይ ይሞክሩት።